ሮብ ስቱዋርት፣ ሻርኮቹና የእኛ ቀይ ቀበሮ

የዱር እንስሳት ዘጋቢ ፊልም ሲባል አብዛኞቻችን ጆሮ ላይ የሚመጣው የሰር ዴቪድ አተንቦሮ ድምፅ ነው። እኔም ያንን ድምፅ እየሰማሁ ነው ያደግሁት። ነገር ግን እኛ በምንኖርበት በዚህ ከተማ ተወልዶ፣ ካሜራ ይዞ ባሕር ውስጥ ገብቶ፣ ፊልሙ ከሲኒማ ቤት አልፎ ምክር ቤትና ፍርድ ቤት ድረስ ያነጋገረ ሰው ነበረ። ስሙን ግን ብዙዎቻችን አናውቀውም። ሮብ ስቱዋርት ይባላል። እ.ኤ.አ. በ1979 ቶሮንቶ ተወለደ፤ በ2017 ገና በ37 ዓመቱ ፍሎሪዳ አጠገብ ባሕር ውስጥ ሞተ። (ከዚህ በኋላ የምጽፋቸው ዓመቶችም በሙሉ በፈረንጆች አቆጣጠር ናቸው።)

ስለ እሱ የምጽፈው ፊልሞቹ ስላማሩኝ ብቻ አይደለም። «ፊልም እንስሳ ያድናል ወይ?» ለሚለው ጥያቄ የእሱን ያህል ጥሩ መፈተኛ ስለማላውቅ ነው። ጥያቄው ደግሞ የእኛም ነው። ጭላዳን፣ ዋልያን፣ ቀይ ቀበሮን የዓለም ካሜራ ሁሉ እየመጣ ቀርጿቸዋል። ከዚያስ በኋላ ምን ሆኑ?

መጀመሪያ ስለ ሻርክ ትንሽ ላውራ። አማርኛችን ለዚህ ዓሣ የራሱ ስም የለውም፤ ባሕር የራቀው ሕዝብ ምን ያድርግ፣ «ሻርክ» ብለን ተቀብለናል። ስለ ሻርክ ሳወራ «ዓሣ ነባሪ ማለትሽ ነው?» ያሉኝ ትልልቅ ሰዎች አሉ። አይደለም። ዓሣ ነባሪ ሳንባ ያለው አጥቢ እንስሳ ነው፤ ሻርክ ግን እውነተኛ ዓሣ ነው፣ አጽሙም አጥንት ሳይሆን ልምጭት ነው። የሻርክ ዘር ከ400 ሚሊዮን ዓመት በላይ ዕድሜ አለው። በምድር ላይ ዛፍ ከመብቀሉ በፊት ሻርክ ነበረ ማለት ነው።

ታዲያ ይህን ሁሉ ዘመን የቆየ እንስሳ በጥቂት አሥርተ ዓመታት እንዴት ለጥፋት ተቃረበ? ዋናው ምክንያት የአወላለዱ ነገር ነው። ሌላው ዓሣ እንቁላሉን በሺዎችና በሚሊዮኖች ይረጫል። ብዙዎቹ ሻርኮች ግን ለአካለ መጠን ለመድረስ ብዙ ዓመት ይፈጅባቸዋል፤ ከደረሱም በኋላ የሚወልዱት ጥቂት ነው። «ስፓይኒ ዶግፊሽ» የምትባለው ትንሽ ሻርክ ወደ ሁለት ዓመት የሚጠጋ ጊዜ ታረግዛለች። የእናቶችና ሕፃናት ጤና ትምህርት ላይ ያላችሁ እኅቶቼ አስቡት እንግዲህ! እንዲህ የምትወልድን እንስሳ እንደ ሰርዲን ማጥመድ አይቻልም። የወጣው ቶሎ አይተካም።

ሮብ ስቱዋርት ከዚህ ጉዳይ ጋር የተገናኘው በፎቶግራፍ ነው። እዚሁ ኦንታሪዮ ውስጥ፣ ለንደን ከተማ በሚገኘው ዌስተርን ዩኒቨርሲቲ ባዮሎጂ ተማረ፤ ከዚያ የካናዳ የዱር እንስሳት ፌዴሬሽን ለሚያሳትማቸው መጽሔቶች ፎቶ አንሺ ሆነ። ለሥራ ወደ ጋላፓጎስ ደሴቶች ሲሄድ፣ ጥብቅ በሆነው የባሕር ክልል ውስጥ በሕገ ወጥ መንገድ የተዘረጋ ረጅም የመንጠቆ ገመድ አገኘ። ይህ ገመድ በእንግሊዝኛው «ሎንግላይን» የሚባለው ነው። አንዱ ብቻውን በአሥሮች ኪሎ ሜትር ሊረዝም ይችላል፤ በመላው ርዝመቱ ላይ በመቶና በሺህ የሚቆጠር መንጠቆ ይንጠለጠልበታል። ቱና ለመያዝ ይጣላል፤ ነገር ግን መንጠቆ መርጦ አይዝም። ሻርኩም፣ ኤሊውም፣ ወፉም ይያዛል።

ሻርኩ ሲያዝ ደግሞ ብዙ ጊዜ የሚፈለገው ክንፉ ብቻ ነው። የመርከቡ ማከማቻ ቦታ ውስን ነው፣ የሻርክ ሥጋ ርካሽ ነው፣ ክንፉ ግን ውድ ነው። ስለዚህ ክንፉ ተቆርጦ ይቀመጥና ሰውነቱ፣ ብዙ ጊዜ ነፍሱ ሳትወጣ፣ ወደ ባሕር ይጣላል። ክንፍ የሌለው ሻርክ መዋኘት አይችልም። ብዙዎቹ ዝርያዎች ካልዋኙ ውሃ በስንጥባቸው ስለማያልፍ መተንፈስም አይችሉም። እየሰመጠ ይሞታል።

ስቱዋርት ይህንን በመጽሔት ጽሑፍና በፎቶ ለሕዝብ ለማሳወቅ ሞከረ። ያሰበውን ያህል ሰው አልነቃም። እዚህ ላይ ነው በ22 ዓመቱ፣ ፊልም ሠርቶ የማያውቅ ልጅ፣ ፊልም ልሥራ ብሎ የተነሣው። እኔ አሁን 20 ዓመቴ ነው፤ የክሊኒክ ልምምድ ቀንና የፈተና ቀን ሲገጥምብኝ ራሱ ግራ ይገባኛል። ድፍረቱ ይገርመኛል፣ ትንሽም ያበሳጨኛል።

የሰውን ፍርሃት መቀልበስ

«ሻርክዋተር» የተባለው ፊልም አራት ዓመት ገደማ ፈጅቶ በ2006 በቶሮንቶ ዓለም አቀፍ የፊልም ፌስቲቫል ታየ፤ በማግሥቱ ዓመት በሲኒማ ቤቶች ተሠራጨ። ፊልሙ ከሁሉ በፊት መዋጋት የነበረበት አጥማጆችን ሳይሆን የተመልካቹን ጭንቅላት ነበር። ከ1975 ጀምሮ፣ ማለትም «ጆውስ» የተባለው ፊልም ከወጣ በኋላ፣ ሻርክ ማለት ሰው በላ ማለት ሆኖ ቀርቷል። የዚያን ፊልም ታሪክ በመጽሐፍ የጻፈው ፒተር ቤንችሊ ራሱ በኋላ ተጸጽቶ የሻርክ ተከራካሪ ሆኗል። በዓለም ዙሪያ ሻርክ ሳይነካኩት አጥቅቶ የሚገድለው ሰው ብዙውን ጊዜ በዓመት ከአሥር አይበልጥም። የእብድ ውሻ በሽታ ግን በዓለም ጤና ድርጅት ግምት በየዓመቱ ወደ 59,000 ሰው ይገድላል። ይህን ቁጥር ያዙልኝ፣ ወደ ኋላ ላይ እመለስበታለሁ።

ስቱዋርት ለፍርሃቱ መልስ የሰጠው በክርክር ሳይሆን በራሱ አካል ነው። ከብረት ሳጥን ውስጥ ሳይሆን በግልጽ ባሕር ከሻርኮች ጋር ሲዋኝ፣ አንዱንም እንደ ሕፃን አቅፎ እናየዋለን። ይህ ምስል የፊልሙ ግማሽ ሥራ ነው ብል አላጋነንኩም። አንዳንድ የባሕር ሳይንቲስቶች ግን የዱር እንስሳን መንካት ለተመልካች መጥፎ ትምህርት ነው ይላሉ፤ እኔም በዚህ ከእነሱ ጋር ነኝ።

ሻርክን መቅረጽ ቀላል አይደለም፤ ምክንያቱም ፈሪ ነው። በተለይ በኮኮስና በጋላፓጎስ ደሴቶች አካባቢ በመንጋ የሚዞረው መዶሻ ራስ ሻርክ፣ ጠላቂው በሚያወጣው የአየር አረፋ ድምፅ ይሸሻል። መፍትሔው ወይ ትንፋሽን ይዞ መጥለቅ ነው፣ ወይ ደግሞ «ሪብሪዘር» የተባለውን መሣሪያ መጠቀም። ይህ መሣሪያ የወጣውን ትንፋሽ ወደ ባሕር አይለቅም። በኬሚካል ውስጥ አሳልፎ ካርቦን ዳይኦክሳይዱን ያስቀርና፣ የጎደለውን ኦክሲጅን ጨምሮ መልሶ ለጠላቂው ይሰጠዋል። አረፋ የለም፣ ድምፅ የለም። ሻርኩም ይቀርባል።

አደጋውም እዚያው ነው፤ ይህንን ነርሲንግ የሚማር ሰው ቶሎ ይገባዋል። ትንፋሽ ሲያጥረን «ተንፍስ! ተንፍስ!» የሚለን ስሜት በዋናነት የሚመጣው ኦክሲጅን ስላነሰ ሳይሆን ካርቦን ዳይኦክሳይድ ስለበዛ ነው። መሣሪያው ካርቦን ዳይኦክሳይዱን በደንብ እያጣራ ኦክሲጅኑ ግን በሆነ ምክንያት ቢጎድል፣ ጠላቂው ምንም ጭንቀት ሳይሰማው ራሱን ይስታል። ሆስፒታል ውስጥ በሽተኛው ጣት ላይ የምናደርጋት ትንሿ መለኪያ የምታስፈልገውም ለዚህ ነው፤ ሰውየው ደህና መስሎ ኦክሲጅኑ ሊወርድ ይችላል። ሪብሪዘር የሚጠቀሙ ሰዎች ልዩ ሥልጠና የሚወስዱት፣ የኦክሲጅኑን ንባብ ደጋግመው የሚያዩትም በዚህ የተነሣ ነው።

ከዚያ በኋላ ፊልሙ እሱ ያላቀደውን መልክ ያዘ። ስቱዋርት ከፖል ዋትሰን ጋር ተገናኘ፤ እሱም የቶሮንቶ ልጅ ነው፣ «ሲ ሼፐርድ» የተባለውን የባሕር እንስሳት ተከራካሪ ድርጅት በ1977 የመሠረተ። በ2002 በዋትሰን መርከብ ወደ ኮስታ ሪካ ሲጓዙ፣ በጓቴማላ የባሕር ክልል ሻርክ የሚያጠምድ የኮስታ ሪካ ጀልባ አገኙና ግጭት ተፈጠረ። ኮስታ ሪካ ሲደርሱ እነሱ ራሳቸው በግድያ ሙከራ ተከሰሱ። ስቱዋርት ካሜራውን ይዞ ወደብ ከተማው ውስጥ ሲገባ፣ በሕንፃ ጣሪያዎች ላይ እንደ በርበሬ ተሰጥቶ የሚደርቅ በሺዎች የሚቆጠር የሻርክ ክንፍ ቀረጸ። ከዚያ ሸሽተው ከአገሩ ወጡ። ነገሩ በዚያም አላበቃም፤ ከአሥር ዓመት በኋላ፣ በ2012፣ ዋትሰን በዚያው ክስ ምክንያት ፍራንክፈርት አውሮፕላን ማረፊያ ላይ ታስሯል። ኮስታ ሪካ ክሱን የተወችው በ2019 ነው።

በዚያ ሁሉ መካከል ስቱዋርት እግሩ ላይ ከባድ ኢንፌክሽን ያዘው፤ «ሥጋ በል» የሚባለው ዓይነት። ሆስፒታል አልጋ ላይ ሆኖ ራሱን ቀርጿል። ይህን ክፍል እንደ ነርስ ተማሪ ነው ያየሁት። እንዲህ ያለ ኢንፌክሽን በቆዳና በጡንቻ መካከል ባለው ሽፋን በሰዓታት ውስጥ ይዛመታል፤ መድኃኒት ብቻውን አይበቃውም፣ የሞተውን ሥጋ በቀዶ ሕክምና ቶሎ ማንሣት ሊያስፈልግ ይችላል፤ ሰው እግሩን ወይም ነፍሱን ያጣበታል። እሱ ግን ድኖ ተመልሶ ውሃ ውስጥ ገባ።

ከሲኒማ ወደ ሕግ፣ ከሕግ ወደ ገበያ

ፊልሙ ምን ለወጠ? በካናዳ የባሕር ክልል የሻርክን ክንፍ ብቻ ቆርጦ መጣል ከ1994 ጀምሮ የተከለከለ ነበር፤ ከውጭ የመጣውን ክንፍ መሸጥ ግን አልተከለከለም። ፊልሙን ያዩ ሰዎች፣ ብዙ ተማሪዎችም ጭምር፣ በየከተማው ምክር ቤት መጠየቅ ጀመሩ። በ2011 በግንቦት መጀመሪያ ብራንትፎርድ ከለከለች። በዚያው ዓመት በጥቅምት የቶሮንቶ ከተማ ምክር ቤት 38 ለ4 በሆነ ድምፅ የሻርክ ክንፍ መሸጥና መያዝ ከለከለ። በ2012 መጨረሻ ግን የኦንታሪዮ ፍርድ ቤት «ይህ ከከተማው ሥልጣን በላይ ነው» ብሎ ሻረው።

ፍርድ ቤት የሄዱት የቻይና ተወላጅ የሆኑ ነጋዴዎች ነበሩ። እዚህ ላይ ቆም ማለት እፈልጋለሁ። የሻርክ ክንፍ ሾርባ በቻይናውያን ዘንድ የሠርግና የክብር ምግብ ነው። ክንፉ ራሱ ጣዕም የለውም፤ ጣዕሙ የሚመጣው ከዶሮው መረቅ ነው፣ ክንፉ ለአፍ ስሜትና ለክብር ነው የሚገባው። ግን ለሠርግ የሚቀርብ ነገር ከክብር ውጭ ምን ምክንያት ያስፈልገዋል? እኛስ ሠርግ ላይ ጥሬ ሥጋ የምናስቀርበው ለቫይታሚኑ ነው? ነገ አንድ የማያውቀን ሰው ስለ ምግባችን አስደንጋጭ ፊልም ሠርቶ የከተማው ምክር ቤት ቢከለክለን፣ ሕጉ ትክክል እንኳ ቢሆን፣ የሚሰማንን አውቃለሁ። ክልከላውን እደግፋለሁ፤ ግን በዚያ ክርክር ጊዜ የአንድ ማኅበረሰብ ስም ከጭካኔ ጋር በጅምላ ሲነሣ መቆየቱ ቀላል ነገር አልነበረም።

ደግሞም ሾርባውን በብዛት ይጠጣ በነበረበት አገር ልማዱን ለመቀየር ያገዘው የፈረንጅ ፊልም ብቻ አልነበረም። የቅርጫት ኳስ ተጫዋቹ ያዎ ሚንግ በ2006 የሻርክ ክንፍ አልበላም ብሎ ቃል ገባ፤ በራሱ ቋንቋ፣ በራሱ አገር ቴሌቪዥንና በየመንገዱ ሰሌዳ ላይ ሕዝቡን ለመነ። በ2012 የቻይና መንግሥት በመንግሥት ግብዣዎች ላይ ሾርባው እንዳይቀርብ እንደሚያደርግ አስታወቀ። ፍላጎቱ በጣም ቀነሰ። ያዎ ሚንግ ያንን ማድረግ የቻለው የሠርጉን ወግ ከውስጥ ስለሚያውቀው ይመስለኛል። «አረመኔ ናችሁ» አላለም፤ «እኔ ትቻለሁ» ነው ያለው።

ካናዳ በአገር ደረጃ ከተቆረጠ በኋላ የሚመጣ የሻርክ ክንፍ ማስገባትንም ማስወጣትንም በሰኔ 2019 ከለከለች፤ ከሰባቱ ባለጸጋ አገሮች ቡድን የመጀመሪያዋ ናት። ስቱዋርት በዚያን ጊዜ ከሞተ ሁለት ዓመት አልፎታል።

አሁን ደግሞ ደስ የማይለውን ልንገራችሁ። ሃሊፋክስ በሚገኘው ዳልሃውዚ ዩኒቨርሲቲ የሚሠራው ቦሪስ ዎርምና ባልደረቦቹ በ2013 ባወጡት ጥናት፣ በዓመት ወደ 100 ሚሊዮን የሚጠጋ ሻርክ እንደሚገደል ገምተው ነበር። ያ ቁጥር በየፖስተሩ ላይ ተለጠፈ። የዎርም ቡድን በ2024 ሌላ ጥናት አወጣ፦ ከ2012 እስከ 2019 ክንፍ ቆርጦ መጣልን የሚከለክሉ ሕጎች በዓለም ዙሪያ በብዙ እጥፍ ጨመሩ፤ በአሣ ማጥመድ የሚሞተው ሻርክ ግን ቢያንስ ከ76 ሚሊዮን ወደ 80 ሚሊዮን ከፍ አለ።

እንዴት? ሕጉ «ክንፉን ብቻ ቆርጠህ አትጣል፣ ሻርኩን ከነሙሉ አካሉ አምጣ» ሲል፣ አጥማጁ ከነሙሉ አካሉ አመጣው። ያ ሁሉ ሥጋ ወደብ ከደረሰ በኋላ ደግሞ ገበያ ተፈለገለት። በብራዚል «ካሳኦ» እየተባለ ይሸጣል፤ ብዙ ሸማች የሻርክ ሥጋ መሆኑን እንኳ አያውቅም። በሽተኛው የሚያሳየውን ምልክት አክመን በሽታውን እንደመተው ነው። ጥናቱ መልካም ዜናም አለው፤ ሻርክ ማጥመድ ጭራሽ በተከለከለባቸውና ቁጥጥሩ ጥብቅ በሆነባቸው ቦታዎች ሞቱ ቀንሷል። የካናዳም ሕግ የሚከለክለው ከአካሉ የተለየውን ክንፍ እንጂ ሻርክ ማጥመድን አይደለም።

ስቱዋርት ይህ እየመጣ መሆኑን ያየ ይመስላል። የመጨረሻ ፊልሙ «ሻርክዋተር ኤክስቲንክሽን» ክንፉን ብቻ ትቶ ሌላውን ገበያ ያሳድዳል፤ ከመደብር የተገዙ ምርቶችን፣ የቤት እንስሳ ምግብና መዋቢያ ሳይቀር፣ በዲኤንኤ እያስመረመረ ሻርክ ይፈልግባቸዋል። (በመካከል በ2012 «ሬቮሉሽን» የተባለ ፊልም ሠርቷል፤ ስለ አየር ንብረትና ስለ ኮራል ነው። ሁሉንም ነገር በአንድ ፊልም ለመናገር ስለሚሞክር ከሦስቱ ደካማው እሱ ነው ባይ ነኝ።) ለዚሁ የመጨረሻ ፊልም ነበር ጥር 31 ቀን 2017 በፍሎሪዳ ኢስላሞራዳ አካባቢ በሪብሪዘር ወደ 70 ሜትር ገደማ ጥልቀት የጠለቀው። የጠለቀበት የሰመጠ መርከብ በመጨረሻ ስሙ «ክዊን ኦቭ ናሳው» ይባል ነበር፤ የሚገርመው፣ በፊት «ካናዳ» የተባለ የዚህ አገር የባሕር ኃይል መርከብ ነበር። በዚያ ቀን ሦስተኛውን ጥልቀት ጨርሶ ወደ ላይ ወጣ፤ በጀልባው ላይ ያሉት አብሮት የጠለቀውን ሰው ሲረዱ ከዓይናቸው ተሰወረ። ከሦስት ቀን ፍለጋ በኋላ አስከሬኑ ተገኘ። ፊልሙን ጨርሰው በ2018 ለቶሮንቶ ፌስቲቫል ያበቁት ወላጆቹ ናቸው።

ወደ እኛ ተራሮች

ስለ ኢትዮጵያ እንስሳት የተሠሩት ፊልሞች የሚያስደንቁ ናቸው። በ2006 የወጣው የቢቢሲው «ፕላኔት ኧርዝ» ስለ ተራሮች የሚናገረውን ክፍል የሚጀምረው በእኛ አገር ነው፤ ከኤርታ አሌ እሳት ተነሥቶ ወደ ስሜን ገደሎች፣ ወደ ጭላዳዎቹና ወደ ዋልያዎቹ ይወጣል። አውስትራሊያዊው ቻደን ሀንተር ስሜን ላይ ጭላዳዎችን አጥንቶ በኋላ የቢቢሲ ፊልም ሠሪ ሆኗል። ያየኋቸው ሁሉ ግን የሚናገሩት በእንግሊዝኛ ነው፤ የሚያናግሩትም ሩቅ አገር ሶፋ ላይ የተቀመጠውን ሰው ነው። እኔንም ጨምሮ።

ሌላም የሚጎድል ነገር አለ፤ ሰው። በፊልሞቹ ውስጥ ስሜን ባዶ ገነት ይመስላል። የስሜን ተራሮች ፓርክ በ1978 በዓለም ቅርስ መዝገብ ከሰፈሩት የመጀመሪያዎቹ ቦታዎች አንዱ ነው፤ በ1996 አደጋ ላይ ካሉት ተርታ ገብቶ በ2017 ወጣ። ከመውጣቱ በፊት ግን በፓርኩ ውስጥ የነበረችው የግጭ መንደር ሰዎች፣ በመቶዎች የሚቆጠሩ ቤተሰቦች፣ ተነሥተው ወደ ደባርቅ ሄደዋል። ሣሩ ለዋልያና ለጭላዳ አገገመ። ለዚያ ሣር ቤቱን የለቀቀው ገበሬ ግን በየትኛውም ያየሁት ፊልም ላይ የለም። ብሔራዊ ቡድናችንን «ዋልያዎቹ» ብለን እንጮኻለን፤ እንስሳው ራሱ የቀረው ጥቂት መቶ ነው።

ከዚህ ሁሉ የተለየው ስለ ቤተ ክርስቲያን ደኖች የተሠራው ነው። ጄረሚ ሲፈርት የሠራው አጭር ፊልም የዶ/ር ዓለማየሁ ዋሴን ሥራ ያሳያል። በደቡብ ጎንደር ከአየር ላይ ስታዩት፣ ታርሶ ባዶ በሆነው ሜዳ መካከል እንደ አረንጓዴ ጠብታ የሚታየው ደን ሁሉ መካከሉ ላይ ቤተ ክርስቲያን አለው። ዶ/ር ዓለማየሁ እነዚህን ደኖች ያጠኑ የደን ሳይንቲስት ናቸው። ከአሜሪካዊቷ ማርጋሬት ሎውማን ጋር ሆነው ደኑ ከዓመት ዓመት ሲሸረሸር የሚያሳየውን የሳተላይት ምስል ለቀሳውስቱ አሳዩ። ቀሳውስቱ መፍትሔውን ራሳቸው አመጡ፤ ከየማሳው ድንጋይ ተለቅሞ በደኑ ዙሪያ አጥር ይካብ፣ ከብትም አይግባ አሉ። ምስሉ የታየው ውሳኔው በእጃቸው ላለ ሰዎች ነው። ምንም ማጀቢያ ሙዚቃ፣ ምንም የአተንቦሮ ድምፅ አላስፈለገውም። ሮብ ስቱዋርት ቶሮንቶ ላይ የተሳካለትም በዚሁ ምክንያት ይመስለኛል፦ ክንፉ ይሸጥ በነበረበት ከተማ፣ ለሚገዙትና ሕግ ለሚያወጡት ሰዎች አሳየ።

አሁን ወደዚያ 59,000 ቁጥር። ቀይ ቀበሮ በዓለም ላይ ኢትዮጵያ ውስጥ ብቻ ነው ያለው፤ ለአካለ መጠን የደረሱት ከ500 በታች ናቸው፣ ከግማሽ በላዩም ባሌ ነው። በኦሮምኛ «ጀዳላ ፈርዳ» ይሉታል፣ የፈረስ ቀበሮ እንደማለት። የሚበላው በዋናነት ፍልፈልና አይጥ ነው። ከሰው ጋር ብዙ ጠብ የለውም። ከሚገድሉት ነገሮች ዋናው ግን የእብድ ውሻ በሽታ ነው፤ ከእረኞችና ከመንደር ውሾች ይተላለፍበታል። ቀይ ቀበሮ በቤተሰብ ስለሚኖር፣ እየተላሰሰ ሰላምታ ስለሚሰጣጥ፣ አንዱ ከታመመ መንጋው ያልቃል። በ1990ዎቹ መጀመሪያ፣ በ2003፣ በ2008 እና በ2014 ባሌ ላይ ወረርሽኝ ተነሥቶ ብዙዎቹን ጨርሷል።

እዚህ ላይ ካሜራ ምንም አያደርግም። የሚያድነው ክትባት ነው። ከ1995 ጀምሮ የሚሠራው የኢትዮጵያ ቀይ ቀበሮ ጥበቃ ፕሮግራም በየዓመቱ በሺዎች የሚቆጠሩ ውሾችን ይከትባል። በ2018 ደግሞ ቀበሮዎቹን ራሳቸውን በአፍ በሚሰጥ ክትባት መከተብ ተጀመረ፤ ክትባቱ በትንሽ ከረጢት ተደርጎ በፍየል ሥጋ ውስጥ ይደበቃል፣ የአካባቢው ልጆች የሆኑ ሠራተኞች በፈረስና በእግር፣ በሌሊት ብርድ፣ ቀበሮዎቹ በሚያድሩበት አካባቢ ይጥሉታል። ቀበሮው ሥጋውን ሲያኝክ ከረጢቱ ይፈነዳና ይከተባል። ይህንን ለአያቴ በስልክ ስነግራት ሳቀች፤ «ለእኛም ኪኒን እንዲህ በሥጋ ቢሰጡን ምን ነበረበት?» አለችኝ። ቀጥላ ግን የጠየቀችኝ ከባድ ነበር፤ «ለቀበሮው ይህን ያህል ከደከሙ፣ ውሻ ለነከሰው ልጅስ?»

መልሱ አንድ ነው። ውሻው ከተከተበ ቀበሮውም ልጁም ይተርፋል። የእብድ ውሻ በሽታ ምልክቱ ከታየ በኋላ መዳን የለም ማለት ይቻላል፤ ስለዚህ የተነከሰ ሰው ቁስሉን ወዲያውኑ ለ15 ደቂቃ ያህል በሳሙናና በሚፈስ ውሃ ማጠብ፣ ከዚያ ሳይውል ሳያድር ክትባት መጀመር አለበት። ቀይ ቀበሮን ካነሣን አይቀር ይህንንም በፊልሙ ላይ የሚናገር ሰው ቢኖር የባሌ እረኛ ቁጭ ብሎ ያየው ነበር፤ የራሱን ልጅና የራሱን ውሻ የሚመለከት ነውና።

በማኅበራችን ውስጥ ጥቂት ሆነን ከዚህ ትንሿን ለመሞከር አስበናል። ስለ ቀይ ቀበሮና ስለ እብድ ውሻ በሽታ የሦስት ደቂቃ ጽሑፍ በአማርኛ አዘጋጅቻለሁ፤ የአማርኛው ድምፅ የእኔ ይሆናል፣ የኢቶቢኮ አማርኛዬን ታገሡኝ። ኦሮምኛውን የባሌ ሰው እንዲሰማው አድርጎ የሚናገር ሰው ግን የለንም። ከእናንተ መካከል የሚችል ካለ፣ ወይም ኦሮምኛ የሚያውቅ ወላጅ ያለው ሰው ካለ፣ ዓርብ ማታ ከስብሰባው በኋላ አናግሩኝ።